መጋዘን ውስጥ የሚበላው ካፒታል
ባዶ የማር እንጀራ ከወቅት እስከ ወቅት እንዴት ይቆያል?

የጥቅምትና የኅዳር ማር ቆረጣ ሲያበቃ ገበያው የሚያየው ማሩን ነው። ባልዲውና ጀሪካኑ እየተመዘነ ወደ መርካቶና ወደ ጠጅ ቤቶች ይጓዛል፤ ደላላው ኮሚሽኑን ይቀበላል፤ ዋጋው ጨመረ ቀነሰ ይባላል። ማሩ የወጣበት ፍሬም የት ገባ ብሎ የሚጠይቅ ግን ብዙም የለም። ቢጠየቅም መልሱ "ጓዳ ተደርድሯል" የሚል ነው። በግንቦት ወይም በተከታዩ መስከረም ጓዳው ሲከፈት ታዲያ ከብዙዎቹ ፍሬሞች ላይ የሚገኘው ነጭ ድር፣ ጥቁር የትል ኩስና የተቦረቦረ እንጨት ይሆናል።

ይህ ጉዳት በሒሳብ መዝገብ ላይ አይታይም። ቀፎው ሲገዛ ይመዘገባል፤ ማር ማውጫ ማሽኑ፣ የንብ ልብሱ፣ ማጨሻው፣ የዘበኛው ደመወዝ ሁሉ ይመዘገባል። ንቦች በፍሬሙ ላይ ሠርተው ያስረከቡት እንጀራ ግን ደረሰኝ ስለሌለው በነጻ እንደተገኘ ነገር ይቆጠራል። ገንዘባቸውን ወደ ንብ ርባታ ያዞሩ የከተማ ባለሀብቶች "ሁለተኛው ዓመት ከመጀመሪያው መሻል ሲገባው ለምን እዚያው ቀረ?" ብለው ሲጠይቁ ዝናቡንና የንቡን ዝርያ ይመረምራሉ። ከመልሶቹ አንዱ ግን ጓዳው ውስጥ ነው ያለው።

አያቶች የማያውቁት ችግር

በኢትዮጵያ ካሉት ቀፎዎች ከአሥሩ ዘጠኝ ያህሉ ዛሬም ባህላዊ ናቸው። ከሸምበቆ፣ ከሐረግ፣ ከጭቃና ከእበት ወይም ከተቦረቦረ ግንድ በሚሠራው ቀፎ ውስጥ ንቧ እንጀራዋን ከጣሪያው ጋር አጣብቃ ስለምትሠራ ማሩን ለማውጣት እንጀራውን መቁረጥ ግድ ነው። ማሩና ሰሙ እንደተደባለቀ ለገበያ ይቀርባል። ጠጅ ጣዩ ማሩን በውሃ በጥብጦ ሰፈፉን ይለያል፤ ሰፈፉ ተነጥሮ ሰም ይሆናል፤ ሰሙም ወደ ጧፍ ሠሪውና ወደ ላኪው ይሄዳል። አገሪቱ በአፍሪካ በማርም በሰምም ከቀዳሚዎቹ አምራቾች ተርታ የተሰለፈችው በዚህ አሠራር ነው። ተመልሶ ቀፎ የሚገባ እንጀራ ስለሌለ በጓዳ የሚቀመጥም የለም።

ፍሬም ያለው ቀፎ ነገሩን ለወጠው። አሜሪካዊው ላንግስትሮዝ እ.ኤ.አ. በ1851 ንቦች በሰም የማይደፍኑትን ጠባብ መተላለፊያ ልክ አስተውሎ ፍሬሙ ከቀፎው ሳይጣበቅ እንዲወጣና እንዲገባ አደረገ። ጀርመናዊው ሜሪንግ በ1857 በማተሚያ ቅርጽ የወጣለትን ሰም ሠራ። በ1865 ደግሞ ህሩሽካ የተባለው ሰው ማሩን በማሽከርከር ኃይል የሚያወጣውን ማሽን አስተዋወቀ። ሦስቱ ሲገጣጠሙ ማሩ ወጥቶ እንጀራው ሳይፈርስ ይቀራል፤ ለንቧም ይመለሳል። በኢትዮጵያ የተለመዱት የዛንደርና የላንግስትሮዝ ቀፎዎች ዋጋቸውን የሚመልሱት እንጀራው ሲመላለስ ነው። እንጀራውን በየዓመቱ የሚያጣ ሰው ውድ ሣጥን ገዝቶ በባህላዊ ቀፎ ሥርዓት እየሠራ ነው ማለት ይቻላል።

ችግሩ እዚህ ላይ ነው። ገበሬው ከአባቱ የወረሰው የንብ ዕውቀት ሰፊ ነው። መንጋ መያዝ፣ ቀፎ ማጠን፣ የአበባውን ወቅት ማወቅ ከማንም በላይ ይችላል። ስለ ባዶ እንጀራ አቀማመጥ ግን የወረሰው ነገር የለም፤ አባቱም አያቱም ባዶ እንጀራ ኖሯቸው አያውቅምና። የከተማው ባለሀብት ደግሞ ገበሬውን አምኖ ይተወዋል።

ሒሳቡ በማር ሲሠራ

የብር ዋጋ ከገበያ ገበያ ስለሚለያይ ስሌቱን በማር መሥራት ይቀላል። ንቦች አንድ ኪሎ ሰም ለማመንጨት ከ6 እስከ 8 ኪሎ ማር ይበላሉ ተብሎ በሰፊው ይገመታል። በአንድ ሙሉ ፍሬም ላይ የሚለጠፈው የታተመ ሰም 65 ግራም ያህል ይመዝናል እንበል። ንቦቹ በዚያ ላይ ግድግዳውን ሠርተው ሲጨርሱ ሌላ ያንኑ ያህል ሰም ይጨምሩበታል ቢባል በእያንዳንዱ ፍሬም ላይ ግማሽ ኪሎ ገደማ ማር ታስሯል ማለት ነው።

50 ዘመናዊ ቀፎ ያለው ባለሀብት በየቀፎው ላይ 10 ፍሬም የያዘ አንድ የማር ሣጥን ቢኖረው 500 ፍሬም አለው። ጓዳው ውስጥ ሁሉም ቢበላ 250 ኪሎ ማርና ከ32 ኪሎ በላይ የታተመ ሰም ሄደ። አንድ ዘመናዊ ቀፎ በአማካይ ከ15 እስከ 20 ኪሎ ማር ይሰጣል በሚለው የተለመደ ግምት 50ው ቀፎ የሚያስገኘው ከ750 እስከ 1,000 ኪሎ ነው። የጠፋው ከምርቱ ሩብ እስከ ሲሶ ይሆናል። ይህን ያህል ማር የሚሰርቅ ሌባ ቢገኝ ዘበኛው በማግሥቱ ይባረር ነበር።

ስሌቱ ግምት መሆኑ አይካድም። ንብ በደህና የአበባ ወቅት ባይፈለግባትም ጥቂት ሰም ማመንጨቷ ስለማይቀር ሙሉው ሒሳብ ኪሳራ ነው አይባልም። በሌላ በኩል ግን በስሌቱ ያልገባ ነገር አለ፤ እሱም ጊዜ ነው። በመካከለኛው ደጋ አደይ አበባው ከመስከረም መባቻ ጀምሮ ለጥቂት ሳምንታት ብቻ ነው የሚቆየው። የተሠራ እንጀራ ያገኘች ንብ ከአበባ የቀሰመችውን ፈሳሽ ከመጀመሪያው ቀን አንስቶ ታከማቻለች። ባዶ ፍሬም ወይም የታተመ ሰም ብቻ ያገኘችው ግን መጀመሪያ ቤት ትሠራለች፤ ቤቱ ሲያልቅ አበባው እየረገፈ ይሆናል።

የሚበላው ማን ነው?

ዋናው ተጠያቂ የሰም እራት የሚባለው ግራጫ የሌሊት ቢራቢሮ ነው። ትልቅና ትንሽ የሚባሉ ሁለት ዓይነቶች አሉት፤ የከፋ ጉዳት የሚያደርሰው ትልቁ ነው። ቢራቢሮው ራሱ ምንም አይበላም። እንስቷ በጨለማ ገብታ በእንጨቱ ስንጥቅና በሣጥኖቹ መገጣጠሚያ ውስጥ በመቶዎች የሚቆጠር እንቁላል ትጥላለች። በሙቀት ቦታ እንቁላሉ በሦስት እስከ አምስት ቀን ይፈለፈላል፤ በቀዝቃዛ ቦታ እስከ ወር ሊቆይ ይችላል። የሚወጣው ትል በእንጀራው ውስጥ ዋሻ እየቆፈረ፣ ኋላውን በድር እየሸፈነ ይጓዛል። ሲጠግብም የፍሬሙን እንጨት በታንኳ ቅርጽ ቦርቡሮ ድሩን ፈትሎ ይተኛል። እንጨቱ ሳይቀር ዋጋ የሚያጣው በዚህ ምክንያት ነው።

ለነጋዴው ጠቃሚ የሆነው ነገር ትሉ ምን እንደሚወድ ማወቅ ነው። ስሙ የሰም ትል ይባል እንጂ በንጹሕ ሰም ብቻ በደንብ አያድግም። የሚፈልገው ጫጩት ያደገበትን ጥቁር እንጀራ ነው፤ በውስጡ የቀረውን የጫጩት ልባስና የአበባ ዱቄት። ንግሥቲቱ ያልደረሰችበት፣ ማር ብቻ የተቀመጠበት ነጭ እንጀራ ብዙም አይማርከውም። ከታችኛው ሣጥንና ከማር ሣጥኑ መካከል የንግሥት ማገጃ ያስገባ አርቢ እንግዲህ ማሩ ንጹሕ ከመሆኑም በላይ የመጋዘን ሥራውን ግማሽ በቀፎው ላይ ጨርሷል።

ሁለተኛው ቁም ነገር ሙቀት ነው። ትሉ በፍጥነት የሚያድገው ከ29 እስከ 35 ዲግሪ ባለው ሙቀት ሲሆን 10 ዲግሪና ከዚያ በታች ሲሆን ሥራውን ያቆማል። ስለዚህ ደብረ ብርሃን ላይ የተቀመጠ ፍሬምና መተማ ላይ የተቀመጠ ፍሬም አንድ ዓይነት ዕድል የላቸውም። ቆላ ላይ በሁለት ወር ውስጥ ሙሉው ቁልል ሊያልቅ ይችላል። ደጋ ላይ ያለው ግን ቅዝቃዜው ትሉን ያዘገየዋል እንጂ እንደማይገድለው መዘንጋት የለበትም። የታኅሣሥ ውርጭ ያስተኛው ትል የካቲት ላይ ቀኑ ሲሞቅ ከተወበት ይቀጥላል።

በቀፎ ውስጥስ? ብርቱ የሆነ ኅብረ ንብ የሰም እራትን አያስገባም፤ ትሉንም እየለቀመ ይጥላል። "ትል አባረረብኝ" የሚል አርቢ ብዙውን ጊዜ ነገሩን ገልብጦ ነው የሚያየው። መንጋው አስቀድሞ በረሃብ ወይም በንግሥት ማጣት ደክሟል፤ ትሉ የመጣው ለቀሪው ነው። ከዚህ የተነሣ አንዳንዶች "ፍሬሙን እዚያው ቀፎው ላይ ብተወው ንቧ ትጠብቀዋለች" ይላሉ። ንቧ ሸፍና ልትይዘው የምትችለውን ያህል ከሆነ እውነት ነው፤ እንዲያውም ከሁሉ የተሻለ መጋዘን ነው። የኢትዮጵያ ንብ ግን ምግብ ሲጠፋ ቁጥሯን ትቀንሳለች፤ ሲብስም ቀፎውን ጥላ ትሰደዳለች። በበጋው እኩሌታ በደከመ መንጋ ላይ የተተወ ሙሉ የማር ሣጥን ለእራቱ ድግስ እንደማዘጋጀት ነው።

ከመጋዘን በፊት

ማሩ ከወጣ በኋላ እንጀራው ደረቅ አይደለም። በየቀዳዳው የቀረው ማር ከአየሩ እርጥበት እየሳበ ይቦካል፤ ጉንዳን ይጠራል፤ አይጥም ይከተላል። ስለዚህ እርጥቡ ሣጥን ወደ መሸ ጊዜ በብርቱ ቀፎዎች ላይ ተመልሶ ለሁለትና ሦስት ቀን ይቀመጣል፤ ንቦቹ ልሰው ያደርቁታል። ሜዳ ላይ ዘርግቶ "ንቦች ይላሱት" ማለት ግን በቀፎዎች መካከል የማር ዘረፋ ያስነሣል። ዘረፋው አንዴ ከተጀመረ ደካማዎቹ መንጋዎች ያልቃሉ፤ በመንገዱ የሚያልፍ ከብትና ሰውም አይተርፍም።

ከዚያ ምርጫው ይመጣል። እያንዳንዱ ፍሬም ወደ ፀሐይ ይያዛል። ብርሃን የሚያሳልፍ ለመጋዘን ይለያል። ጠቁሮ ብርሃን የማያሳልፍ፣ ከባድ፣ የአበባ ዱቄት የሞላበት ከሆነ ግን ዕለቱኑ ተነጥሮ ሰም መሆን ይገባዋል። ብዙዎች ስለሚሳሱ ይህን አያደርጉም። ጥቁሩ እንጀራ ግን ራሱ መበላቱ ሳያንስ ለነጩም ትል ያፈራል። ያረጀ እንጀራ የበሽታ ዘር ስለሚያከማችም በየሁለትና ሦስት ዓመቱ በአዲስ መተካቱ የተመሰከረለት ልማድ ነው።

ወይ ክፍት፣ ወይ ዝግ

የተለየው ነጭ እንጀራ የሚቀመጥበት መንገድ ሁለት ነው። የመጀመሪያው ክፍት አቀማመጥ ነው። የሰም እራት ብርሃንና ነፋስ ይጠላል። ፍሬሞቹ በሁለትና ሦስት ጣት ርቀት ተለያይተው በሽቦ ወንፊት በታጠረ በረንዳ ወይም ዳስ ሥር ይሰቀላሉ፤ አለዚያም ሣጥኖቹ አንዱ በአንዱ ላይ እየተሻገሩ ብርሃንና አየር እንዲያልፍባቸው ይደረደራሉ። ቀጥተኛ ፀሐይ ግን ሊነካቸው አይገባም። የመደርደሪያው እግር የተቃጠለ ዘይት ባለበት ጣሳ ውስጥ ቢቆም ጉንዳን አይወጣም። ይህ ዘዴ ለደጋና ለወይና ደጋ አካባቢ በቂ ነው፤ ወጪውም ሽቦና እንጨት ብቻ ነው። ከቆርቆሮ ጣሪያ ሥር ያለ ኮርኒስ የሌለው ክፍል ግን ለማንኛውም ዓይነት አቀማመጥ አይሆንም። ሰም የሚቀልጠው 62 ዲግሪ አካባቢ ቢሆንም ከዚያ በጣም በፊት ይለሰልሳል፤ እኩለ ቀን ላይ እንጀራው ከፍሬሙ ይላቀቃል።

ሁለተኛው ዝግ አቀማመጥ ነው። በፍሬሙ ውስጥ ያለው እንቁላልና ትል አስቀድሞ ይገደላል፤ ከዚያ ቢራቢሮ እንዳይገባ ጥብቅ አድርጎ ይዘጋል። ከሁሉ ንጹሑ መግደያ ብርድ ነው። ከዜሮ በታች 7 ዲግሪ ላይ አራት ሰዓት ተኩል፣ ከዜሮ በታች 15 ዲግሪ ላይ ሁለት ሰዓት እንቁላሉን ጨምሮ ሁሉንም ይገድላል ተብሎ ተለክቷል። ይህ እንጀራው ራሱ ያን ያህል ከቀዘቀዘ በኋላ ያለው ሰዓት ስለሆነ በተግባር አንድ ሙሉ ቀን ማቆየት ይሻላል። ትልቅ ዲፕ ፍሪዘር ያለው ሰው በተራ በተራ እያስገባ 500 ፍሬም በጥቂት ሳምንት ይጨርሳል። ከከተማ አቅራቢያ የሚሠራ ባለሀብት ደግሞ የሥጋ ወይም የአትክልት ማቀዝቀዣ ክፍል ለአንድ ሌሊት ቢከራይ ሊያዋጣው ይችላል፤ ክፍሉ ግን በእርግጥ የሚያረጋ መሆኑ በቴርሞሜትር መታየት አለበት። አራትና አምስት ዲግሪ ላይ የሚሠራ የአትክልት ክፍል ትሉን ያስተኛል እንጂ አይገድልም። የቀዘቀዘ እንጀራ እንደ ብርጭቆ ስለሚሰበር በጥንቃቄ ይያዛል፤ ላቡ እስኪደርቅ ተጠብቆ በወፍራም ፕላስቲክ ይታሸጋል።

ማቀዝቀዣ በሌለበት ድኝ ይጤሳል። የድኝ ጭስ ከአየር ስለሚከብድ ወደ ታች ነው የሚወርደው። ሣጥኖቹ ተቆልለው ስንጥቃቸው በጭቃ ወይም በወረቀት ከተደፈነ በኋላ ድኙ የሚነደው ከላይ በተደረበ ባዶ ሣጥን ውስጥ፣ በብረት ጣሳ ላይ ነው። ሰም ከእሳት ጋር ቀልድ አያውቅም፤ ሥራው ከቤት ውጭ ይሁን፣ ውሃም አጠገብ ይኑር። ጭሱን መተንፈስ ለሳንባ አደገኛ ነው። ማር ወይም የአበባ ዱቄት ያለበት ፍሬምም አይታጠንም። የድኝ ትልቁ ጉድለት እንቁላሉን አለመግደሉ ነው። ስለዚህ እንቁላሉ ከተፈለፈለ በኋላ፣ ማለትም ከሁለት ሳምንት ወዲያ ይደገማል፤ በሞቃት አካባቢ ደግሞ በየወሩ ይመላለሳል። አንዴ አጥኖ ቆልፎ የሚሄድ ሰው ከእንቁላሉ ጋር ነው የሚቆልፈው። ከድኝ ይልቅ አሴቲክ አሲድ የሚጠቀሙም አሉ። እንቁላሉን በመግደል ይሻላል፤ የጎለመሰውን ትል ግን በቀላሉ አይደፍርም፤ ሚስማርና ሽቦም ይበላል።

በውጭ አገር ትሉን ብቻ ለይቶ የሚገድልና ለንብም ለሰውም የማይጎዳ ባክቴሪያ ተዘጋጅቶ በእንጀራው ላይ ይረጫል። ማግኘት ለሚችል ጥሩ ነው።

ከሁሉ የከፋው አቀማመጥ ታዲያ ብዙ ቦታ የሚታየው ነው፤ ክፍትም ዝግም ያልሆነው። ፍሬሞቹ በጆንያ ታስረው ወይም ሸራ ተደርቦባቸው ጨለማ ጓዳ ጥግ ይቀመጣሉ። ጨለማው፣ ሙቀቱና ነፋስ ማጣቱ ለትሉ ነው የተመቸው፤ ሸራው ደግሞ ባለቤቱ ጉዳቱን እንዳያይ ይጋርዳል።

ናፍታሊን የሚያስከፍለው

ለልብስ ብል የሚጣለው ነጭ ኳስ በየሱቁ አለ፤ ርካሽ ነው፤ የሰም እራትንም ያባርራል። ስለዚህ "ጥቂት ጣል አድርግበት" የሚለው ምክር ከአርቢ ወደ አርቢ ይተላለፋል። ይህ ምክር የመጋዘኑን ጉዳት ወደ ገበያው ያዛውረዋል።

ሰም ቅባት ነክ ነገር ነው። የናፍታሊንን ትነት እንደ ስፖንጅ መጦ ይይዛል፤ በሚቀጥለው ወቅት በዚያ እንጀራ ላይ ለተቀመጠው ማር ቀስ እያለ ይለቃል። ፓራዳይክሎሮቤንዚን የሚባለው የዚሁ ዘመድ የሆነ ኬሚካልም እንዲሁ ነው፤ በአውሮፓ ማር ውስጥ እየተገኘ ብዙ ንግድ አበላሽቷል። በአውሮፓ ገበያ እንዲህ ላሉ ኬሚካሎች የሚሠራበት ጣሪያ በአንድ ኪሎ ማር 0.01 ሚሊ ግራም ነው። በሌላ አነጋገር አንድ ግራም ኬሚካል በ1,000 ኩንታል ማር ውስጥ እኩል ቢበተን ጣሪያው ላይ ይደርሳል። አንድ የናፍታሊን ኳስ ደግሞ ከግራም በላይ ይመዝናል።

ኢትዮጵያ ማር ወደ አውሮፓ ኅብረት እንድትልክ ከተፈቀደላቸው አገሮች ዝርዝር ውስጥ የገባችው እ.ኤ.አ. በ2008 ነው። ፈቃዱ የሚመሠረተው በየጊዜው በሚደረግ የኬሚካል ቅሪት ምርመራ ላይ ስለሆነ የአንድ አርቢ ጓዳ የላኪውን ሁሉ ስም ሊነካ ይችላል። ላኪው ከብዙ አርቢ የሰበሰበውን በአንድ በርሜል ሲያደባልቅ የማን ማር እንዳበላሸው አይለይም፤ ኪሳራው ግን የእሱ ነው። ሰሙም ቢሆን ያው ነው፤ ከዚያ እንጀራ የተነጠረ ሰም ኬሚካሉን ይዞ ወደ ማተሚያው ይመለሳል። ማር የሚሰበስብ ነጋዴ እንግዲህ የማሩን ውፍረትና ቀለም ብቻ ማየት አይበቃውም። ፍሬሙ የት እንደከረመ መጠየቅ፣ ከተቻለም ጓዳውን ከፍቶ ማሽተት ይገባዋል። የናፍታሊን ሽታ ቶሎ አይለቅም።

ስለ ፎስቶክሲንም አንድ ነገር መባል አለበት። ለእህል መጋዘን የሚውለው ይህ እንክብል ትሉን እንደሚገድል የሰሙ ሰዎች በመኖሪያ ቤት ጓዳ ሊሞክሩት ያስባሉ። የሚወጣው ጋዝ በግድግዳ ስንጥቅ አልፎ በቀጣዩ ክፍል የተኛን ሰው ይገድላል። ለማር እንጀራ ተብሎ የሚሞከር ነገር አይደለም።

ማር ያለበት ፍሬም

አንዳንድ ነጋዴዎች የኅዳር ዋጋ ሲወርድ ማሩን ሳያወጡ ከነፍሬሙ አቆይተው ወደ ሠርግና ወደ በዓል ሰሞን ለመሸጥ ያስባሉ። ሐሳቡ ክፉ አይደለም፤ ዕቃው ግን የተሳሳተ ነው። ማር ውሃ ይስባል። 18 በመቶ እርጥበት ያለው ማር ካለበት አየር ጋር ተስማምቶ የሚቆየው የአየሩ እርጥበት 60 በመቶ አካባቢ ሲሆን ነው፤ ከዚያ በላይ ከሆነ መሳብ ይጀምራል። የክረምቱ አየር ደግሞ ከዚያ በብዙ ይበልጣል። ዓለም አቀፉ የምግብ ደረጃ ለአብዛኛው የማር ዓይነት የሚፈቅደው እርጥበት 20 በመቶ ስለሆነ ልዩነቱ ጠባብ ነው። ንቧ በሰም ያልከደነችው ቀዳዳ ፈጥኖ ይቦካል፤ ከዚያ ሽታው የቀፎ ጥንዚዛን ይጠራል።

ይህ ጥቁር ትንሽ ጥንዚዛ የአፍሪካ ተወላጅ ነው። ብርቱ የአፍሪካ ንብ በቀፎዋ ውስጥ ታሸንፈዋለች፤ ማር ቤት ውስጥ ተቆልሎ በሚቀመጥ ፍሬም ላይ ግን የሚከለክለው የለም። ትሉ በማሩ ውስጥ ሲሄድ ማሩ እየቦካ፣ አረፋ እየደፈቀ ይፈሳል። ይህን ለጠጅ እንኳ የሚወስድ ሰው ማግኘት ያስቸግራል። ስለዚህ ከቀፎ የወረደ ማር በሁለትና ሦስት ቀን ውስጥ መውጣት አለበት። ዋጋ የሚጠብቅ ነጋዴ ማሩን አውጥቶ፣ አጥልሎ፣ እስከ አፉ ሞልቶ፣ ለምግብ በተሠራ ክዳኑ ጥብቅ ዕቃ ውስጥ ቢያስቀምጥ ዓመትም ይጠብቅለታል።

አንድ የተለየ ገበያ አለ። የተበረዘ ማር የሰለቸው የከተማ ሸማች ከነእንጀራው የተቆረጠ ነጭ ማርን እንደ ማረጋገጫ አይቶ ደህና ዋጋ ይከፍላል። ለዚህ የሚመረጠው ሙሉ በሙሉ የተከደነው ፍሬም ብቻ ነው። ተቆርጦ በንጹሕ ሣህን ከታሸገ በኋላ አንድ ቀን በፍሪዘር ያድራል። ይህ ካልተደረገ ሸማቹ ቤት ገብቶ ክዳኑን ሲከፍት ከማሩ ጋር ትል ሊያገኝ ይችላል፤ ያ ሸማች ደግሞ ዳግመኛ አይመለስም።

ያገለገለ ቀፎ ለሚገዛ

ከንብ ርባታ የሚወጣ ሰው ዕቃውን በጅምላ ሲሸጥ ደላላው "ከነእንጀራው ነው" ብሎ ዋጋ ይጨምራል። ሊያስጨምርም ይገባል፤ ግን እንጀራው ከታየ ብቻ። ገዢው ከቁልሉ ላይኛውን ሣጥን አይቶ መርካት የለበትም፤ ታችኛውና መካከለኛው ይከፈት። ፍሬሙ ወደ ፀሐይ ሲያዝ በመካከሉ ነጭ መስመር ካለበት ትሉ ገብቷል። የእንጨቱ ጠርዝ በታንኳ ቅርጽ ከተቦረቦረ ያለፈው ዓመትም እንደዚሁ ነበር ማለት ነው። በቀዳዳዎቹ ውስጥ እንደ ኖራ የደረቀ ጫጩት ከታየ በሽታ አለ፤ ዘሩም በእንጀራው ውስጥ ለዓመታት ሊቆይ ስለሚችል እንደዚህ ያለው እንጀራ በዋጋ ድርድሩ ውስጥ ሊገባ የሚችለው በሰም ኪሎ ብቻ ነው። ዕቃው ከተገዛም ወደ ራስ ጓዳ ከመግባቱ በፊት ለብቻው ይቀዘቅዛል ወይም ይታጠናል።

የአዲሱ ወቅት ፍሬም ወደ ቀፎ የሚመለሰው አበባው ሲቃረብና መንጋው ሲበረታ ነው፤ በመካከለኛው ደጋ ከነሐሴ መጨረሻ እስከ መስከረም መጀመሪያ ማለት ነው። በድኝ ወይም በአሲድ የታጠነው አስቀድሞ ለጥቂት ቀናት ይናፈሳል።

ትል የበላውም ቢሆን አይጣል። ቶሎ ከተነጠረ የቀረው ሰም ይወጣል፤ ድሩና ኩሱ ብዙውን ሰም መጦ ስለሚያስቀር ግን ከጤነኛው እንጀራ የሚገኘውን ያህል አይሆንም። እንጀራው በጆንያ ታስሮ ሙቅ ውሃ ውስጥ እየተጫነ ይቀቀላል፤ ሰሙ ተንሳፎ ሲረጋ ይነሣል። የዝናብ ውሃና የአሉሚኒየም ድስት ይመረጣል። በብረት ድስት የተነጠረ ሰም ጠቁሮ ይወጣል፤ ሰም ገዢውም የጠቆረውን በቢጫው ዋጋ አይወስድም።